ክሩዝ ሚሳኤልና ሃይፐርሶኒክ ሚሳኤል፦ ልዩነቱ የቱ ላይ ነው?

ሁለቱ ስያሜዎች በዜና ላይ ብዙ ጊዜ እየተደባለቁ ይቀርባሉ፤ ነገር ግን ክሩዝ የበረራውን ስልት፣ ሃይፐርሶኒክ ደግሞ የፍጥነቱን መጠን ስለሚያመለክት አንድ ሚሳኤል ሁለቱንም ሊሆን ይችላል። ክሩዝ ሚሳኤል ክንፍ ያለውና እንደ አውሮፕላን ከከባቢ አየር ኦክስጅን በሚስብ ሞተር የሚገፋ ሲሆን፣ ዝቅ ብሎ ስለሚበርር የምድር ክብነት ከራዳር ይሸሽገዋል። አብዛኛው ግን ያን ያህል ፈጣን አይደለም፤ ታዋቂው ቶማሆክ በሰዓት 880 ኪሎ ሜትር ገደማ ይጓዛል፤ ይህም ከመንገደኞች ጄት ፍጥነት ብዙም አይርቅም።

ሃይፐርሶኒክ የሚባለው ከድምፅ ፍጥነት 5 እጥፍና ከዚያ በላይ ነው። በዚህ ፍጥነት ከፊት ያለው አየር ገለል ለማለት ጊዜ ስለማያገኝ በኃይል ይጨመቅና እጅግ ይግላል። ተራ የጄት ሞተር የሚገባውን አየር ከድምፅ ፍጥነት በታች ማዘግየት ስላለበት እዚህ ላይ አያገለግልም፤ ስክራምጄት የሚባለው ሞተር ግን አየሩ ከድምፅ ፈጥኖ በውስጡ እያለፈ ሳለ ነዳጁን ያቃጥላል። ችግሩ ከቆመበት መነሳት አለመቻሉ ነው፤ አስቀድሞ ሮኬት ሊያፈጥነው ይገባል። የናሳ ሰው አልባ የሙከራ አውሮፕላን ኤክስ-43ኤ እ.ኤ.አ. በኖቬምበር 2004 ከድምፅ 9.6 እጥፍ ገደማ የደረሰው በዚሁ መንገድ ሲሆን፣ ሞተሩ የሠራው ለ10 ሰከንድ ያህል ብቻ ነበር።

ሌላው የሃይፐርሶኒክ ሚሳኤል ዓይነት፣ ሮኬት ወደ ላይ ወስዶ ከለቀቀው በኋላ ያለ ሞተር በላይኛው ከባቢ አየር እየተንሸራተተ አቅጣጫውን የሚቀይር ነው። ፍጥነት ብቻውን አዲስ ነገር አይደለም (ይህ ብዙ ጊዜ ይዘነጋል)፤ ሮኬት ወደ ላይ ከወረወራቸው በኋላ በቅስት መንገድ የሚወርዱት አህጉር አቋራጭ ባሊስቲክ ሚሳኤሎች ከድምፅ 20 እጥፍ በላይ መብረር ከጀመሩ አሥርተ ዓመታት አልፈዋል። ሃይፐርሶኒክ ሚሳኤልን መከላከል ከባድ የሚያደርገው፣ የመንገዱን አቅጣጫ ቀድሞ ማስላት አለመቻሉ ነው።