‹‹ይከላከል›› የሚል ብይን ምንድን ነው?

ፍርድ ቤት ተከሳሹ ‹‹ይከላከል›› ብሎ በበየነ ቁጥር ‹‹ጥፋተኛነቱ ተረጋገጠ›› የሚል ዜና ማንበብ የተለመደ ሆኗል። ሰሞኑን ያነበብሁት የአንድ ተንታኝ አስተያየት ግን ከዚህም ይብሳል፤ ጠበቃው በብይኑ ላይ ወዲያውኑ ይግባኝ ያላለው የደንበኛውን ጥፋተኛነት ስለሚያውቅ ነው ይላል። ሕጉ ያልከፈተውን በር ለምን አላንኳኳህም ተብሎ ጠበቃ ሲወቀስ፣ ደንበኛውም በዚሁ ሰበብ ሲፈረድበት ዝም ብዬ ማለፍ አልቻልሁም።

በ1954 ዓ.ም. በወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ መሠረት፣ የዐቃቤ ሕግ ማስረጃ ተሰምቶ ሲያበቃ ዳኞች የሚመዝኑት ማስረጃው በተከሳሹ ባይስተባበል ለጥፋተኛነት የሚያበቃ መሆን አለመሆኑን ነው። የማያበቃ ከሆነ ተከሳሹ በአንቀጽ 141 በነጻ ይሰናበታል፤ የሚያበቃ ከሆነ በአንቀጽ 142 መከላከያውን እንዲያሰማ ይታዘዛል። ‹‹ባይስተባበል›› የምትለዋ ቃል ከተዘለለች የብይኑ ትርጉም በሙሉ ይጠፋል።

በአውድማ ላይ እህል በመንሽ ሲበተን ነፋሱ ገለባውን ይወስዳል፤ የቀረው ግን ገና አልተበጠረም፣ አልተለቀመም፣ አልተፈጨም። ከውስጡ ነቀዝ የበላው ሊኖር ይችላል፤ ጠጠርም ሊኖር ይችላል። የመከላከያ ማስረጃ ሰፌዱ ነው። ገበሬው መንሽ ባነሳ ቁጥር ክርክር ቢነሣ ምርቱ ሳይገባ ዝናብ ይደርስበታል፤ ሕጉም በየመሀሉ የሚቀርብን ይግባኝ የሚያጠበው በዚህ ምክንያት ነው። ምሳሌው የማይሸፍነው አንድ ነገር ግን አለ፤ እህል በአውድማ ላይ ቢቆይ አይታሰርም፣ ዋስትና የተከለከለ ተከሳሽ ግን የሚጠብቀው በማረሚያ ቤት ሆኖ ነው።

አንቀጽ 181 ይግባኝ የሚፈቅደው ጥፋተኛ በሚያደርግ፣ በሚለቅ ወይም በነጻ በሚያሰናብት ፍርድ ላይ ሲሆን ‹‹ይከላከል›› የሚለው ብይን ከሦስቱ አንዱም አይደለም። አንቀጽ 184 ደግሞ በቀጠሮ፣ በክስ መቃወሚያና በማስረጃ ተቀባይነት ላይ በሚሰጥ ትእዛዝ ወዲያውኑ ይግባኝ እንዳይባል በግልጽ ይከለክላል። በአንቀጽ 141 ነጻ መውጣት የመጨረሻ ፍርድ ስለሆነ ዐቃቤ ሕግ ይግባኝ ሊልበት ይችላል፤ ተከሳሹ ግን ይከላከል በመባሉ ላይ ተመጣጣኝ መብት የለውም። ይህ መበላለጥ እኔንም ያሳስበኛል፤ ቅሬታው መቅረብ ያለበት ግን በሕግ አውጪው ላይ እንጂ በጠበቃው ላይ አይደለም።

ፍርድ ቤቱ ተከሳሹ የተከሰሰበትን አንቀጽ ለውጦ በቀለለ ድንጋጌ ይከላከል ሊል እንደሚችልም መታወቅ አለበት። ይህም ‹‹ነጻ ወጣ›› ማለት አይደለም፤ አዲሱ አንቀጽ ዋስትና የማይከለክል ከሆነ ግን ተከሳሹ ውጭ ሆኖ ሊከላከል ይችላል። ከባድ የሰው ግድያንና ከባድ ውንብድናን የሚመለከተው፣ ከዋናው ክርክር በፊት የሚካሄደው ቀዳሚ ምርመራም ከዚህ ብይን ጋር መምታታት የለበትም፤ በዚያ ደረጃ ፍርድ ቤቱ የምስክሮችን ቃል መዝግቦ ያስተላልፋል እንጂ ማስረጃው ለጥፋተኛነት ይበቃል አይበቃም ብሎ አይበይንም።

በብይኑ ያልተስማማ ጠበቃ ተቃውሞውን በመዝገብ ያስይዛል፣ የመከላከያ ምስክሮቹን ያሰማል፤ ደንበኛው ጥፋተኛ ቢባል ብይኑ የተሳሳተበትን ነጥብ ከፍርዱ ጋር አጣምሮ ለይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ያቀርባል።