ማሽላ እያረረ ይስቃል

«እንዴት ከረምሽ?» ሲሏት ፊቷን ፈታ አድርጋ «ምን ላድርግ፣ እንደ ማሽላ እያረሩ መሳቅ ነው» የምትል ሴት ውስጧ እየተቃጠለ መሆኑን ተናግራለች። ምሳሌው ሐዘን ወይም በደል ውስጡን እየበላው ፊቱ ላይ ፈገግታ ለሚታይ ሰው ይነገራል። አንዳንዱ «አስመሳይ» ለማለት ሲጠቀምበት ይሰማል፤ ይህ ግን አባባሉ ከተነሣበት ምጣድ የራቀ ነው። ማሽላ አያስመስልም። የሚያሥቀው ያው የሚያሳርረው እሳት ነው።

ማሽላ በጋለ ብረት ምጣድ ላይ ሲበተን ፍሬው ውስጥ ያለችው ጥቂት እርጥበት እንፋሎት ትሆናለች። ጠንካራው ቅርፊት መውጫ ስለሚነሣት ግፊቱ ይጨምራል፤ ሙቀቱ ከ180 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ከፍ ሲል ቅርፊቱ ጧ ብሎ ይፈነዳና ውስጡ እንደ አረፋ ተነፍቶ ይወጣል። ቀዩ ፍሬ አፉን ከፍቶ ነጭ ጥርሱን ያሳየ ይመስላል። «ይስቃል» ያሰኘው ይህ ነው።

ሁሉም ማሽላ ግን አይስቅም። እርጥበቱ 13 በመቶ አካባቢ የሆነ፣ ውስጡ ጠጣር ፍሬ ጥሩ ይፈነዳል። ከልክ በላይ የደረቀው እንፋሎት አይበቃውም፤ ነቀዝ የበሳው ወይም በውቂያ የተሰነጠቀው እንፋሎቱ ሾልኮ ያመልጠዋል፤ ውስጡ ዱቄታም የሆነውም ሳይስቅ ያርራል። እሳቱ ሲለዝብም እንዲሁ ነው፤ እርጥበቱ ቀስ እያለ ወጥቶ ያልቃል። ስለዚህ ምጣዱ አስቀድሞ ይጋላል፣ ከአንድ እፍኝ የማይበልጥ ይጨመራል፣ ተከድኖ ይወዘወዛል። የወሎው «ወተት በጉንጬ» የተባለ የማሽላ ዓይነት ደግሞ ለሌላ ነገር የተፈጠረ ነው፦ ገና እሸት ሳለ ተጠብሶ ይበላል። በ1973 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ተመራማሪዎች ከወሎ በተገኙ እንዲህ ዓይነት የተጨማደደ ፍሬ ያላቸው ማሽሎች ውስጥ ከሌላው የበለጠ ላይሲን የተባለ የፕሮቲን ክፍል አግኝተዋል።

ጥሩ ሣቂ ፍሬ የሚገኘው ከማሳው ነው። በመስመር ሲዘራ በመስመሮቹ መካከል 75 ሳንቲ ሜትር፣ በተክሎቹ መካከል ከ15 እስከ 20 ሳንቲ ሜትር ይተዋል፤ ለሄክታር ከ10 እስከ 12 ኪሎ ዘር ይበቃል። አቀንጭራ የተባለው ጥገኛ አረም ማሽላውን ከሥሩ እየመጠጠ ፍሬውን ያቀጭጫል፤ አረሙ ሳያብብ ካልተነቀለ አንዱ ተክል በአሥር ሺዎች የሚቆጠር ደቃቅ ዘር አፈር ውስጥ ይጥላል፣ ዘሩም ለዓመታት ይቆያል። ፍሬው መድረሱ የሚታወቀው ከማሽላው ራስ በተነቀለበት ጫፍ ላይ ጥቁር ነጥብ ሲታይ ነው። ያኔ ግን ገና እርጥብ ነው፤ በጥርስ ሲነከስ ከሽ እስኪል ድረስ መድረቅ አለበት። እርጥብ ሆኖ የተከማቸ ይሻግታል።

በሐረርጌ ማሽላ የሚከማችበት ጉድጓድ ከነቀዝና ከእሳት ያድናል፤ ነገር ግን ፍሬው ከግድግዳው እርጥበት ይስባል፣ ሽታውም ይለወጣል። ያ እህል እንደልቡ አይፈነዳም፣ ለዘርም በደንብ አይበቅልም። ለዘር የተመረጠው ራስ ጉድጓድ ሳይገባ ከምድጃ በላይ ጢስ በሚያገኘው ቦታ ይሰቀላል፤ ጢሱ ነቀዙን ያርቃል፣ ሙቀቱም ፍሬውን ያደርቃል።