ከጅማ በባቡር፦ የጥንቱ የአውቶቡስና የሀዲድ ጉዞ

ጅማ የባቡር ጣቢያ ኖሯት አያውቅም። ቢሆንም በምድር ባቡሩ ዘመን ወደ ድሬዳዋ ወይም ጅቡቲ የሚሄድ የጅማ ነጋዴ የባቡር መንገደኛ ነበር፤ እስከ አዲስ አበባ ያለውን 350 ኪሎ ሜትር ገደማ በአውቶቡስ፣ ከለገሃር ወዲያ ያለውን በሀዲድ ይጨርሰዋል።

ሀዲዱ ለዚህም አገር ታስቦ ነበር። አፄ ምኒልክ በ1886 ዓ.ም. ለስዊሱ አልፍሬድ ኢልግ በሰጡት ፈቃድ፣ መስመሩ ከጅቡቲ ሐረር፣ ከሐረር እንጦጦ፣ ከእንጦጦ ደግሞ በከፋ በኩል እስከ ነጭ ዓባይ እንዲዘልቅ ሰፍሯል። ይህ ሦስተኛው ክፍል ጅማን መንካቱ አይቀርም ነበር፤ የከፋ ነጋዴ የሚመላለሰው በአባ ጅፋር አገር በጅማ፣ በሂርማታ ገበያ በኩል ነበርና። ሥራው በ1890 ተጀምሮ በ1895 ድሬዳዋ፣ በ1909 አዲስ አበባ ደረሰና እዚያው ቆመ።

ከመኪና በፊት ጉዞው በበቅሎ ነበር። የመኪናው መንገድ በዋናነት የጣሊያን ዘመን ሥራ ነው።

አውቶቡሱ ጎህ ሳይቀድ ይነሳል። ፖርቶ መጋላው ላይ የቡና ጆንያ፣ የማር ቆርቆሮና ከአንድ ግንድ የተፈለፈለው የጅማ በርጩማ በገመድ ይጠፈራሉ። አሰንዳቦንና ሰኮሩን አልፎ ግቤ ሸለቆ ሲወርድ ወበቁ ጋቢ ያስጥላል፤ ድልድዩን ተሻግሮ ዳገቱን ሲያያዘው ሞተሩ ይግላል፣ ረዳቱም የውሃ ጀሪካኑን ያዘጋጃል። ከዚያ ወልቂጤ፣ ወሊሶ፣ ሰበታ። አዲስ አበባ ዘመድ ቤት ይታደራል።

ባቡሩ መጀመሪያ ላይ ሌሊት ስለማይሄድ የጅቡቲው 784 ኪሎ ሜትር ሦስት ቀን ይፈጅ ነበር፤ መንገደኛው አንዱን ሌሊት አዋሽ፣ ሁለተኛውን ድሬዳዋ ያድራል። ሦስተኛ ማዕረግ የእንጨት አግዳሚ ነው። ሞጆና አዳማ ታልፈው መተሐራ ሲደረስ ሀዲዱ የፈንታሌን ጥቁር የእሳተ ገሞራ ድንጋይ ሰንጥቆ ይሄዳል። ለደጋ ሰው ይህ ሌላ ዓለም ነበር። ኋላ ሊቶሪና የተባለው ፈጣን የናፍጣ ባቡር ሲመጣ የጉዞው ጊዜ አጠረ።

ከመንገደኛው ይልቅ ብዙ የተጓዘው ግን ቡናው ነው። የጅማ ቡና በጭነት መኪና አዲስ አበባ ገብቶ፣ ተበጥሮና ተለቅሞ በፉርጎ ወደ ጅቡቲ ወደብ ይወርድ ነበር። የቡና መገኛ በጅማ ጎማ ወረዳ ያለችው ጮጬ ናት ይባላል፤ ከፋዎችም የኛ ነው ይላሉ።

አዲሱ የአዲስ አበባ–ጅቡቲ ባቡር በ2009 ሲመረቅ የምዕራብ ጫፉ ሰበታ ሆነ። የጅማ አውቶቡስ ዛሬም በሰበታ ያልፋል።