ዴልፊን ሴሪግ፦ ከማሪየንባድ እስከ ቪዲዮ ካሜራ

ዴልፊን ሴሪግ በ1932 ቤይሩት የተወለደች ፈረንሳዊት ተዋናይት ናት (ዓመታቱ በሙሉ እ.ኤ.አ. ናቸው)። አባቷ አርኪዮሎጂስት ነበሩ። ኒውዮርክ ትወና ተምራ፣ በ1959 ነጻ ፊልም ሠሪዎች እዚያው በሠሩት አጭር ፊልም ታየች። መድረክ ላይም ብዙ ሠርታለች።

ስሟ የገነነው በዳይሬክተር አለን ሬኔ ፊልም «ያለፈው ዓመት በማሪየንባድ» (1961) ነው። በ1963 ደግሞ በሬኔው «ሙሪኤል» ቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል ላይ ምርጥ ተዋናይት ተባለች። ከዚያ ዳይሬክተሮቹ ትሩፎ፣ ዣክ ዴሚና ቡኑኤል አሠሯት። ያ ጎርነን ያለ ድምጿ አንዴ ከተሰማ አይረሳም፤ ግን ብዙውን ጊዜ የሚሰጧት የማሪየንባዷን ዓይነት ምስጢራዊ እመቤት ቦታ ነበር።

1975 ሲመጣ ነገሩ ተገለበጠ። ገና 25 ዓመት ያልሞላት ቤልጂጋዊት ሻንታል አከርማን «ዣን ዲልማን»ን ስትሠራ ዋናዋን ሚና ለሴሪግ ሰጠቻት። 201 ደቂቃ ሙሉ ባሏ የሞተባት አንዲት የብራስልስ ሴት ድንች ትልጣለች፣ ዕቃ ታጥባለች፣ አልጋ ታነጥፋለች፣ ከሰዓት በኋላ ደግሞ ለገንዘብ ወንድ ታስተናግዳለች። ካሜራው አይነቃነቅም። የፊልም ሠራተኞቹ አብዛኞቹ ሴቶች ነበሩ፤ በቀረጻው ወቅት የተነሳ ቪዲዮ አለ፣ እዚያ ላይ ሴሪግ ስለ እያንዳንዷ እንቅስቃሴ ዳይሬክተሯን በጥያቄ ስታፋጥጣት ይታያል። እኔን ከፊልሙ እኩል የሚገርመኝ ይሄ ነው። በ2022 «ሳይት ኤንድ ሳውንድ» የተባለው የእንግሊዝ መጽሔት ተቺዎችን ሲያስመርጥ «ዣን ዲልማን» ከዓለም ፊልሞች አንደኛ ወጣ። ምርጫው ፖለቲካ ነው ያሉ ነበሩ፤ ይበሉ፣ ፊልሙ ይገባዋል። ሴሪግ በ1975 የሠራችው የማርጌሪት ዱራስ ፊልም «ኢንዲያ ሶንግ»ም አለ።

ትወናው ብቻ አልበቃትም። በ1971 ፈረንሳይ ውስጥ ፅንስ ማስወረድ ገና ወንጀል እያለ፣ «እኔም አስወርጃለሁ» ብለው ከፈረሙት 343 ሴቶች አንዷ ናት። ቪዲዮ ያስተማረቻት ካሮል ሩሶፑሎስ ናት፤ ሩሶፑሎስ ፈረንሳይ ውስጥ ተንቀሳቃሽ ቪዲዮ ካሜራ በመግዛት ከዳይሬክተሩ ጎዳር ቀጥላ ሁለተኛ ናት ይባላል። ሴሪግ ካሜራውን ይዛ ፓሪስና ሆሊውድ ከ20 በላይ ተዋናይቶችን ስለ ሙያቸው ጠየቀች። ጄን ፎንዳ ፊቷ እንዲሞግግ መንጋጋዋን እንድታሰብር ሐሳብ ቀርቦላት እንደነበር የተናገረችው እዚያ ነው። ሥራው ለሕዝብ የቀረበው በ1981 ነው።

በ1982 ከሩሶፑሎስና ከዮአና ቪደር ጋር ፓሪስ ውስጥ በጸሐፊዋ ሲሞን ደ ቦቯር ስም የሴቶች ቪዲዮ ማዕከል አቋቋሙ። በመጨረሻዎቹ ዓመታት ከጀርመናዊቷ ፊልም ሠሪ ኡልሪከ ኦቲንገር ጋርም ሠርታለች። በ1990 ፓሪስ ውስጥ አረፈች። ማዕከሉ ለዓመታት ተዘግቶ ቢቆይም እንደገና ተከፍቶ ቪዲዮዎቹን እያሳየ ነው።