«ገበሬው የራሱን ይበላል» ለምትሉ

ሱሉልታ ላይ በእንስሳት ጤና ባለሙያነት ስሠራ ዓመታት ተቆጥረዋል። የወተት ዋጋ በጨመረ ቁጥር ከከተማ የሚመጣ ሰው አንድ ነገር ይደግምልኛል፦ «በኮሮና ጊዜ እንኳ የተጎዳው ከተሜው ነው፤ ገበሬው ያመርታል፣ የራሱን ይበላል።» ሰልችቶኛል።

ትንንሾቹን ስህተቶች ላስቀድም። «ያን ጊዜ ዓለም እህል አጥቶ ነበር» ይባላል። በ2020 እ.ኤ.አ. የዓለም የእህል ምርት አልቀነሰም፤ የታወከው መጓጓዣው፣ ድንበሩና የገዢው ኪስ ነው። ቬትናም አዲስ የሩዝ ሽያጭ ውል ለጊዜው ያቆመችው ለነገ ፈርታ እንጂ ጎተራዋ ባዶ ሆኖ አይደለም። «ጥሬ አትክልት ኮሮና ያስተላልፋል» የተባለውም ማስረጃ ያልተገኘለት ወሬ ነበር።

ወደ ዋናው ልምጣ። የሱሉልታ ገበሬ ካለበው ወተት የሚጠጣው ጥቂቱን ነው፤ ቀሪውን ሸጦ ጤፍና ዘይት፣ ከሁሉም በላይ መኖ ይገዛበታል። ፉርሽካው ከዱቄት ፋብሪካ፣ ፋጉሎው ከዘይት መጭመቂያ፣ አተላው ከቢራ ፋብሪካ ይመጣል። መጠጥ ቤት ሲዘጋ ቢራ ይቀንሳል፤ ቢራ ሲቀንስ አተላ ይጠፋል፤ አተላ ሲጠፋ ላሟ ትነጥፋለች። ይህን ያላየ ሰው ስለ ገበሬ ባይናገር ይሻላል።

መጋቢት 4 ቀን 2012 ዓ.ም. የመጀመሪያው ታማሚ ሲገኝ ዐቢይ ጾም ላይ ነበርን። በጾም የወተት ገበያ ድሮም ቀዝቃዛ ነው፤ ሁሉም ዓይኑን የጣለው ሚያዝያ 11 በሚውለው ፋሲካ ላይ ነበር። አራት ላሞች ያሏቸው አንዲት እናት ወተታቸውን ለአንድ ካፌ ብቻ ያስረክቡ ነበር። ፋሲካ መጣ፣ ካፌው ግን እንደተዘጋ ቀረ። መኖ መግዣ አጥተው የሰባት ወር እርጉዝ ጊደራቸውን በግማሽ ዋጋ ሲሸጡ አጠገባቸው ቆሜ ነበር።

«ገዢ ከሌለ ለምን ያልባሉ?» የሚለኝም አለ። ላም ሳትታለብ ከዋለች ጡቷ ይወጠራል፣ ያማታል፣ የጡት በሽታ ይይዛታል። አሜሪካ ውስጥም በዚያው ሰሞን ትምህርት ቤቶችና ምግብ ቤቶች ሲዘጉ ትልልቅ እርባታዎች ያለቡትን ወተት መሬት ላይ ደፍተዋል።

ላም ያላችሁ ግን ስሙኝ፤ ወተት ሲመለስባችሁ አትድፉት። እርጎ አድርጉት፣ ናጡት፣ ቅቤውን አንጥሩት፤ የነጠረ ቅቤ ወራት ይቆያል። ለመውለድ ሁለት ወር የቀራት ላም ካለች ማለቢያዋን ቀስ በቀስ እየቀነሳችሁ አድርቋት። ጥቅምትና ኅዳር ላይ ድርቆሽ በደንብ ከምሩ። ወተታችሁን ለአንድ ገዢ ብቻ አታስረክቡ። እኚያ እናት ዛሬ ለሦስት ቦታ ያስረክባሉ፤ ጊደሯን ግን እስካሁን አልተኩም።