«ምላስና ጥርስም ይጋጫል»፦ ተረቱ፣ ትርጉሙና አፍ ውስጥ ያለው ምንጩ

ሁለት የሚዋደዱ ሰዎች ተኳርፈዋል። ባልና ሚስት ይሁኑ፣ እህትማማቾች ይሁኑ፣ አንድ ቢሮ የሚጋሩ ባልደረቦች ይሁኑ። መሃል የገባው ሰው የሁለቱንም ካዳመጠ በኋላ ጉሮሮውን ጠረግ ጠረግ ያደርግና «እንግዲህ ምላስና ጥርስም ይጋጫል» ይላል። አንዳንዱ ረዘም ያደርገዋል፤ «እንኳን ሰውና ሰው፣ ምላስና ጥርስም ይጋጫል» ብሎ። «እግርና እግርም ይጋጫል» የሚለው የዚሁ ወንድም ነው።

ላይ ላዩን ካየነው ትርጉሙ ቀላል ነው። አብሮ የሚኖር ይጋጫል፣ አታካብዱት ነው ነገሩ። ግን ተረቱ ጥንዶቹን ሲመርጥ በዘፈቀደ አልመረጠም። ድመትና አይጥ አላለም። እሳትና ጭድም አላለም። እነዚህ ቢጋጩ ማን ይገረማል? የመረጠው አንዱ ያለሌላው ሥራ የማይሠራለትን ጥንድ ነው። ምላስ ጉርሻውን እያገላበጠ ካላቀበለ ጥርስ የሚፈጨው ነገር አያገኝም። ጥርስ ከሌለ ደግሞ ምላስ «ሰ» ልትል ስትሞክር ነፋስ ያመልጣታል። ክርንና ጆሮ ተጋጩ ሲባል ሰምቶ የሚያውቅ የለም። የሚጋጨው የሚገናኝ ነው። በተረቱ ሚዛን ግጭት የጥላቻ ማስረጃ ሳይሆን የቅርበት ግብር ነው።

ስለዚህ የተረቱን ምንጭ ለመፈለግ ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። አፍ መክፈት ይበቃል። እዚያ ውስጥ ያለውን ጉርብትና ደግሞ ከሁሉም በላይ ጠንቅቀው የሚያውቁት የጥርስ ሐኪሞች ናቸው። የጥርስን ገጽ የሚጠሩት በጎረቤቱ ስም ነውና።

ለምን በጎረቤት? «ከፊት»፣ «ከኋላ»፣ «ከላይ»፣ «ከታች» ብንል አይሻልም? አይሠራም። ጥርሶች የተደረደሩት በቀጥታ መስመር ሳይሆን በቅስት ነው። የፊት ጥርስ «ፊቱ» ወደ ከንፈር ነው። መንጋጋ ጥርስ ግን «ወደ ፊት» ከተባለ የሚያየው ከፊቱ ያለውን ጥርስ ነው። «ከላይ» ደግሞ ይብሳል። የላይኛው ጥርስ ሥሩ ወደ ላይ፣ የታችኛው ወደ ታች ነው የሚሄደው። «ከጥርሱ በላይ በኩል ተቦርቡሯል» ቢባል ሥሩ ጋ ነው ወይስ ማኘኪያው ጋ? ሐኪሙ ግራ ይገባዋል። ሰፈር ውስጥ ቤት ስንጠቁም «ከእንትና ቤት አጠገብ» እንደምንለው፣ የጥርስ ሙያም መላውን ያገኘው በጎረቤት ነው።

እንግዲህ እንተዋወቅ። እያንዳንዱ ጥርስ 5 ገጽ እንዳለው ይቆጠራል። ጥርሱ ከፊት ለፊት ካሉት ከሆነ፣ ማለትም ከመቁረጫዎቹ ወይም ከክራንቻዎቹ አንዱ ከሆነ፣ ወደ ከንፈር የሚያየው ገጹ ሌቢያል ይባላል። ከክራንቻ ወደ ኋላ ላሉት ጎረቤቱ ከንፈር ሳይሆን ጉንጭ ነው፤ ስሙም ቡካል ይሆናል። በውስጥ በኩል ወደ ምላስ የሚያየው ሊንጓል ነው። የላይኛው ጥርስ ውስጠኛ ገጽ ፓላታል የሚል የራሱ ስም አለው፤ እዚያ ጋ ላንቃ ይቀርበዋል። የማኘኪያው ገጽ ኦክሉዛል ነው። የፊት ጥርስ ማኘኪያ ሜዳ ስለሌለው በዚያ ፈንታ የሚቆርጥበት ጠርዙ ኢንሳይዛል ይባላል። የቀሩት ሁለቱ የጎን ገጾች ናቸው፤ ሚዚያል እና ዲስታል። ወደ እነሱ እመለሳለሁ።

የላይና ታች ችግርም በዚሁ ዘዴ ተፈቷል። ወደ ሥሩ ጫፍ ከሆነ አፒካል፣ ወደሚታየው የጥርስ አካል ከሆነ ኮሮናል፣ አንገቱ ጋ፣ ከድድ ጋር የሚገናኝበት አካባቢ ከሆነ ደግሞ ሰርቪካል ነው። የላይኛውም ይሁን የታችኛው፣ ቆመህም ሆነ ወንበሩ ላይ ተኝተህ ትርጉሙ አይገለበጥም።

አሁን ወደ ተረታችን ባለቤቶች። ምላስና ጥርስ የሚጎራበቱት በሊንጓል በኩል ነው። የሚገርመው መጋጨታቸው ሳይሆን ቶሎ ቶሎ አለመጋጨታቸው ነው። እስቲ አስቡት። አጥንት ላይ የተተከለ፣ በሰውነት ውስጥ ካለ ነገር ሁሉ ጠንካራ በሆነ ልባስ የተሸፈነ መፍጫ ይከፈታል፣ ይዘጋል። መሃሉ ላይ ደግሞ ያለ አጥንት የተሠራች ለስላሳ ሥጋ ትገባለች፣ ትወጣለች፤ ምግቡን ትገፋለች፣ ትሰበስባለች። በአንድ ምግብ ሰዓት ይህ ስንት ጊዜ ይደጋገማል? ግን አብዛኛውን ቀን ሳትነከስ ትውላለች።

አንዱ ምስጢር የጥርሱ ቅርጽ ላይ ነው። የመንጋጋ ጥርስ ማኘኪያ ላይ ጉብታዎች አሉ። ሁሉም ግን ለመፍጨት አልተሠሩም። አፋችሁን ገጥማችሁ በጣታችሁ ጉንጫችሁን ገለጥ ብታደርጉ የላይኞቹ መንጋጋዎች ከታችኞቹ ትንሽ ወደ ውጭ ዘልቀው ታያላችሁ። ዋናውን የመፍጨት ሥራ የሚይዙት ከላይ በላንቃ በኩል ያሉት፣ ከታች በጉንጭ በኩል ያሉት ጉብታዎች ናቸው። የቀሩት ሁለት ረድፎች ሌላ ሥራም አላቸው። የላይኞቹ የቡካል ጉብታዎች ጉንጭን ወደ ውጭ ይገፉታል። የታችኞቹ የሊንጓል ጉብታዎች ደግሞ ምላስን ከማኘኪያው ሜዳ ያርቋታል። ጥርሱ ራሱ አጥር ሠርቶላታል ማለት ነው። እኔ በበኩሌ ይህን ካወቅሁ ወዲህ ጥርስን እንደ በደለኛ ወገን ማየት ይከብደኛል።

ሌላው ምስጢር ነርቭ ነው። ጥርስ ከአጥንቱ ጋር በሲሚንቶ እንደተለሰነ አይደለም የቆመው። ዙሪያውን በቀጭን ጅማት ተንጠልጥሏል፣ ጅማቱ ውስጥም ግፊትን የሚያውቁ የነርቭ ጫፎች አሉ። አንዲት ፀጉር በጥርስ መሃል ስትገባ የሚሰማን ለዚህ ነው። አንጎል መንጋጋን ሲዘጋ ምላስን ገለል ያደርጋል፣ ሲከፍት ያስገባል። ይህ እኛ ሳናስብበት ይሄዳል። የሚዛባው እያኘክን ስናወራ፣ በድንገት ስንስቅ፣ ወይም ስንቸኩል ነው። በማደንዘዣም ይዛባል። የታችኛው መንጋጋ ሲደነዝዝ ብዙ ጊዜ የዚያ ጎን ምላስም አብሮ ይደነዝዛል። ሐኪሙ «ማደንዘዣው ሳይለቅህ እንዳትበላ» የሚለው ለዚህ ነው። የደነዘዘ ምላስ መነከሱን እንኳ አያውቅም።

በግልጽ ከሚያመው ንክሻ ሌላ ማንም የማያየው መገፋፋትም አለ። ምላስ ጥርስን ከውስጥ ወደ ውጭ ትገፋለች። ከንፈርና ጉንጭ ከውጭ ወደ ውስጥ ይመልሱታል። ጥርስ የሚቆመው እነዚህ ግፊቶች የሚመጣጠኑበት ቦታ ላይ ነው። ስትውጥ ምላሷን በፊት ጥርሶቿ መሃል የምታሾልክ ልጅ ልማዱ ከቆየባት ጥርሶቿ ወደ ፊት ሊገጡ፣ አፏን ስትገጥምም የላይና የታቹ ላይገናኙ ይችላሉ። ጥርስም በፋንታው ምልክት ይተዋል። መስታወት ፊት ምላሳችሁን አውጥታችሁ ጠርዟን ተመልከቱ። አንዳንድ ሰው ላይ ልክ የጥርሶቹን ቅርጽ የያዘ የተደረደረ ስርጉድ ይታያል። ጉንጭም ውስጥ ጥርሶች በሚገጥሙበት ትይዩ አንዲት ነጭ መስመር ትገኛለች። አብዛኛውን ጊዜ በሽታ አይደለም፣ የጉርብትና ዱካ ነው።

የሊንጓል ገጽ ሌላም ጣጣ አለበት። ከምላስ ሥር፣ ከታችኞቹ የፊት ጥርሶች ጀርባ፣ የምራቅ መፍሰሻ ቀዳዳዎች አሉ። ምራቅ ውስጥ ያሉት ማዕድናት ጥርስ ላይ ካልጸዳው ቆሻሻ ጋር ሲገናኙ ቆሻሻው እንደ ድንጋይ ይደነድናል። ብዙ ሰው ጥርሱን ሲቦርሽ ከውጭ፣ ለሳቅ የሚታየውን ያሳምርና የምላስ በኩሉን ይዘለዋል። ከዚያ ምላሱን በታችኛው የፊት ጥርሱ ጀርባ ሲያሳልፍ ሻካራ ነገር ይሰማዋል። ሁለተኛው የድንጋይ ሰፈር የላይኞቹ መንጋጋዎች የቡካል ገጽ ነው። እዚያም ጉንጭ ላይ፣ ከሁለተኛው መንጋጋ ትይዩ፣ ሌላ የምራቅ ቀዳዳ አለ።

የጎኖቹን ስም ቶሎ ልጨርስ። ፊታችንን እኩል የሚከፍል መስመር በሁለቱ መካከለኛ የፊት ጥርሶች መሃል ያልፋል እንበል። የጥርሱን ረድፍ ተከትሎ ወደዚያ መስመር የሚያየው ጎን ሚዚያል፣ ከዚያ የሚርቀው ዲስታል ነው። በየረድፉ የአንዱ ዲስታል ከሚቀጥለው ሚዚያል ጋር ይነካካል። ሁለት ሚዚያል ፊት ለፊት የሚገናኙት አንድ ቦታ ብቻ ነው፤ መሃል ላይ። ፍንጭት የምንላት ክፍተት የምትወጣው እዚያው ላይ ነው። በረድፉ መጨረሻ ያለው መንጋጋ ደግሞ በዲስታል በኩል ጎረቤት የለውም። ሁለት ጥርሶች ከሚነካኩበት ነጥብ ትንሽ ወደ ድድ ቀረብ ብሎ መቦርቦር ይወዳል፣ ብሩሽ አይደርስበትማ። የጥርስ ክር የተሠራው ለዚያ ነው። አንዱ ጥርስ ተነቅሎ ቦታው ከቆየ የዲስታል ጎረቤቱ ወደ ክፍተቱ ያዘማል፣ ከትይዩ ያለውም ወደ ባዶው ይወርዳል ወይም ይወጣል። ጎረቤት ሲሄድ የሚቀረውም አይረጋም።

ወደ አነጋገሩ ልመለስ፤ አጠቃቀሙ ላይ ቅሬታ አለኝ። «ይጋጫል» ሲባል ሁለቱም እኩል የተመቱ ይመስላል። ደሙ ግን ሁልጊዜ ከምላስ ነው። ጥርስ ምላስን ነክሶ ሲጎዳ እንጂ ምላስ ጥርስን ስትሰብር አልታየም። ተረቱም ብዙ ጊዜ የሚነገረው ለተጎዳው ወገን ነው፤ «ቻል አድርጊው፣ ምላስና ጥርስም ይጋጫል» እየተባለ። ለአንድ ቀን ንክሻ ልክ ነው። ምላስ ቶሎ ትድናለች፣ ጥርስም በነጋታው ያንኑ ቦታ አይደግመውም። አጥሩ በቦታው ነው፣ ነርቩም ሥራውን ይሠራል። ተረቱ የሚናገረው ስለዚህ ዓይነቱ ግጭት ነው።

ያው ጥርስ ያንኑ ቦታ ደጋግሞ ሲልጥ ግን ጉዳዩ ሌላ ነው። እዚያ ላይ ተረት ሳይሆን ምርመራ ነው የሚያስፈልገው። የሊንጓል ጉብታ ተሰብሮ ስለት አውጥቶ ይሆናል። የተሞላ ጥርስ ጠርዙ ተሸርፎ ይሆናል። ጥርሱ ከመጀመሪያው ወደ ምላስ ያዘመመ ሊሆንም ይችላል። ምላሱ ጠርዝ ላይ ያለ ቁስል ከ2 ሳምንት በላይ ከቆየ ጨውና ውሃ እየተጉመጠመጡ መጠበቅ አይበቃም። የምላስ ጠርዝ የአፍ ካንሰር ከሚነሳባቸው ዋና ቦታዎች አንዱ ስለሆነ ሐኪም ሊያየው ይገባል። አብዛኛው ቁስል ያ አይሆንም። ስለታም ጥርስ ከሆነ ደግሞ መፍትሔው አጭር ነው።

ሐኪሙ ቦታውን ሲያገኝ ካርዱ ላይ የሚጽፈው ሁለት ነገር ነው፤ የጥርሱን ቁጥርና ገጹን። በብዙ አገር በሚሠራበት ባለ ሁለት አሃዝ አቆጣጠር አፍ 4 ሩብ ይከፈላል። 1 የታካሚው ላይኛ ቀኝ ነው፣ 2 ላይኛ ግራ፣ 3 ታችኛ ግራ፣ 4 ታችኛ ቀኝ። በየሩቡ ከመሃል ተነስቶ እስከ 8 ይቆጠራል፤ 4 ጊዜ 8፣ የአዋቂ ሰው 32 ጥርስ። እንግዲህ «36፣ ሊንጓል» ተብሎ ከተጻፈ 3 ሩቡ፣ 6 ከመሃል ስድስተኛው ጥርስ ነው፤ በታች በግራ በኩል ያለው የመጀመሪያው ትልቁ መንጋጋ፣ በምላስ በኩል ማለት ነው። ጠርዙን ሞርዶ ያለሰልሰዋል፣ ከተሰበረም ይሞላዋል። ቁስሉ መዳኑን ለማየት ደግሞ ቀጠሮ ይሰጣል። ለምላስ «ቻይው» የሚላት የለም፤ የሚሞረደው ጥርሱ ነው።