የስነ ሰብ ትምህርት በሐረር፦ ከደረሳው እስከ ዩኒቨርሲቲው

ስነ ሰብ ወይም ሂዩማኒቲስ ታሪክን፣ ቋንቋን፣ ሥነ ጽሑፍን፣ ፍልስፍናን፣ የሃይማኖት ጥናትንና ኪነ ጥበብን የሚያቅፍ የትምህርት ዘርፍ ነው። ሐረር ለዚህ ትምህርት ተስማሚ ከተማ ናት፤ የሚጠናው ነገር ከተማሪው ደጃፍ አይርቅም። ጀጎል፣ በግንብ የታጠረው የሐረር አሮጌ ከተማ፣ እ.ኤ.አ. በ2006 በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ሲመዘገብ 82 መስጊዶችና 102 አዋች፣ ማለትም የወልዮች መቃብርና መዘከሪያ ስፍራዎች፣ እንዳሉበት ተጠቅሷል።

ትምህርቱ ራሱ ከዘመናዊው ዩኒቨርሲቲ በፊት እዚህ ነበረ። የመካከለኛው ዘመን አውሮፓ ሊበራል አርትስ የሚላቸው ሰባት ነበሩ፤ ሰዋስው፣ አመክንዮና የንግግር ጥበብ፣ ከዚያም ሂሳብ፣ ጂኦሜትሪ፣ ሙዚቃና ሥነ ፈለክ። ቅኔ ቤት የገባ የቆሎ ተማሪም ሆነ ቁርዓን ጨርሶ ወደ ኪታብ የተሻገረ ደረሳ ከእነዚህ አብዛኛውን በሌላ መንገድ ያገኛቸዋል። ደረሳው ነህው (ሰዋስው) እና ሰርፍ (የቃላት እርባታ) ይማራል፤ ፊቅህ (የእስልምና ሕግ) ውስጥ ሲገባ ደግሞ የውርስ ሕግ ሂሳብ ያስጨንቀዋል። ድርሻዎቹ ስድስት ናቸው፤ 1/2፣ 1/4፣ 1/8፣ 2/3፣ 1/3 እና 1/6። አንድ ሰው ሚስት፣ እናት፣ አባትና ሁለት ሴት ልጆች ትቶ ቢሞት ለሚስት 1/8፣ ለእናትና ለአባት 1/6፣ 1/6፣ ለልጆቹ 2/3 ይደርሳል። ተደምሮ 27/24 ይመጣል፤ ንብረቱ ለድርሻዎቹ አይበቃም። የተለመደው መፍትሔ ታሕቱን ወደ 27 ማሳደግ ነው፤ ሁሉም በየልካቸው ይቀነስባቸዋል፣ የሚስት 1/8ም 1/9 ይሆናል። ለምን ከአንዱ ላይ ብቻ አይቀነስም የሚለው ክርክር ሂሳብ ብቻ አይደለም፤ ስለ ፍትሕና ስለ ጽሑፍ አተረጓጎም ነው።

በዘመናዊው በኩል የአካባቢው ከፍተኛ ትምህርት የጀመረው ከእርሻ ነው። በሐረርና በድሬዳዋ መካከል ያለው የሐረማያ ዩኒቨርሲቲ መነሻው የእርሻ ኮሌጅ ነበር፤ የድሬዳዋ ዩኒቨርሲቲ የተከፈተው በ1999 ዓ.ም. ነው። ከ2000 ዓ.ም. ገደማ ጀምሮ መንግሥት 70 በመቶውን ተማሪ ወደ ተፈጥሮ ሳይንስና ቴክኖሎጂ፣ 30 በመቶውን ወደ ማኅበራዊ ሳይንስና ስነ ሰብ የሚመድብ ፖሊሲ አወጣ። ብዙ ወላጅ ከዚህ የተረዳው ታሪክ ወይም ቋንቋ የሚማር ልጅ ውጤት ያልመጣለት ነው የሚል ነው። ፖሊሲው የቁጥር ክፍፍል እንጂ የዋጋ ሚዛን አልነበረም፤ ግን ስሜቱ እስካሁን አለ። በ2012 ዓ.ም. የመጀመሪያው ዓመት የጋራ ትምህርት ሲመለስ የወደፊቱ ሐኪምና መሐንዲስም የሎጂክና የሂሳዊ አስተሳሰብ፣ የአንትሮፖሎጂ፣ የኢትዮጵያና የአፍሪካ ቀንድ ታሪክና ጂኦግራፊ ኮርሶችን እንዲወስድ ተደረገ።

ኮርሱ መኖሩ ግን መማሩ አይደለም። ሎጂክ ላይ የሚበላሸው ነገር ይታወቃል፦ ተማሪው የስህተት ዓይነቶችን ስም በእንግሊዝኛ ይሸመድዳል፣ በምርጫ ጥያቄ ያልፋል፣ ከዚያ ጫት ላይ ወይም በስብሰባ የሰማውን ያንኑ ስህተት በአማርኛ ወይም በአፋን ኦሮሞ ሲነገር አይለየውም። ከ2015 ዓ.ም. ጀምሮ የተሰጠው የመውጫ ፈተናም በምርጫ ጥያቄ ስለሆነ ለድርሰትና ለክርክር የሚተርፈውን ጊዜ ይሻማል። መድኃኒቱ ምሳሌውን ከአካባቢ ማውጣት ነው።

አንዱ መልመጃ የዘመን ቆጠራ ነው። ምኒልክ የሐረርን አሚር ድል ያደረጉበት የጨለንቆ ጦርነት በፈረንጅ 1887፣ በእኛ 1879፣ በሂጅራ 1304 ነው። የሂጅራ ዓመት በጨረቃ ስለሚቆጠር 354 ወይም 355 ቀን ብቻ ነው። ስለዚህ 1304 ላይ 622 ደምሮ 1926 የሚል ተማሪ ወደ 40 ዓመት ይስታል። ትክክለኛው መንገድ የሂጅራውን ዓመት በ0.970229 አባዝቶ 621.57 መደመር ነው፤ 1886.75 ይመጣል፣ ማለትም ዓመቱ የገባው በፈረንጅ 1886 ሴፕቴምበር መጨረሻ ላይ ነው። ወሩ ካልታወቀ 1886/87 ተብሎ ይጻፋል። አንድ ቁጥር ብቻ መርጦ መጻፍ ያልታወቀውን እንደታወቀ ማቅረብ ነው።

ሁለተኛው መልመጃ በእጅ የተጻፈው መጽሐፍ ራሱ ነው። በራስ ተፈሪ ቤት ያለው የሸሪፍ የግል ሙዚየም በእጅ የተጻፉ መጻሕፍት ከሚታዩባቸው ቦታዎች ቀዳሚው ነው። ተማሪ ከመንካቱ በፊት እጁን ታጥቦ በደንብ ያደርቃል፤ የጨርቅ ጓንት የጣትን ስሜት ስለሚቀንስ ቅጠሉን ያስቀድዳል። መጽሐፉ ከሁለቱም ጎን በትራስ ይደገፋል፣ ከሚከፈትበት በላይ አይገፋም። ማስታወሻ በእርሳስ ብቻ ይያዛል፤ ፍላሽ አይበራም። መጀመሪያ ፎቶ የሚነሣው ሽፋኑና ፊት ለፊት የሚታጠፈው ምላሱ ነው፣ ቀጥሎ የመጨረሻው ገጽ፤ የጸሐፊው ስምና ቀን ካለ ብዙ ጊዜ እዚያ ነው። ከአውሮፓ የገባ ወረቀት ወደ ብርሃን ሲያዝ የፋብሪካ ምልክት ሊያሳይ ይችላል። ምልክቱ የሚናገረው ወረቀቱ መቼ እንደተሠራ ነው፤ ጽሑፉ ከዚያ በኋላ እንደሆነ ብቻ ያረጋግጣል። ይህን ማምታታት የተለመደ ነው።

ሦስተኛው፣ ብዙ የሚያስተምረውም ብዙ የሚበላሸውም፣ የቃል ታሪክ ነው። የሐረሪ ቤት፣ ጌይ ጋር፣ በቀይ አፈር የተቀባ አምስት ነደባ (የመቀመጫ መደብ) አለው። ቀዩ በጨለንቆ የወደቁት ደም መታሰቢያ ነው የሚል ትውፊት በከተማው በሰፊው ይነገራል። ተማሪው «ይህ ለጨለንቆ ሰማዕታት መታሰቢያ ነው አይደል?» ብሎ ከጠየቀ መልሱን ራሱ ሰጥቷል፤ ሽማግሌው በአክብሮት «አዎ» ይሉታል፣ ሥራውም ከንቱ ይሆናል። «ነደባው ለምን ቀይ ሆነ?» ማለት ይሻላል፤ ቀጥሎም «ይህን ከማን ሰሙት?» እና «ከዚያ በፊት ምን ዓይነት ነበር?»። የትውፊቱ ዋጋ ከ1887 በፊት ቀይ ቀለም ነበረ ወይ ከሚለው ጥያቄ ይለያል፤ ሁለቱን ሳያጣላ መያዝ የሚችል ተማሪ ትምህርቱ ገብቶታል።

የጥያቄው ቋንቋም ወሳኝ ነው። የጀጎል ሰው በሐረሪ፣ በአፋን ኦሮሞ፣ በአማርኛ ወይም በሶማሊኛ ያወራል፤ ቦታዎቹም ስማቸው ይለያያል። ፈላና በር የሚባለው በሐረሪ አሱም በሪ ነው፤ በአንዱ ስም ብቻ መዝገብ የፈለገ ግማሹን ያጣል። የአንድ ሰዓት ቅጂ ወደ ጽሑፍ ለመገልበጥ ቢያንስ ከአራት እስከ ስድስት ሰዓት ይፈጃል፣ ትርጉም ከተጨመረ ይበልጣል። መምህሩ ሦስት ሰዓት ቅዱ ብሎ ለሳምንት ካዘዘ የሚመጣለት በግምት የተሞላ ወረቀት ነው። ሃያ ደቂቃ በትክክል የተገለበጠ፣ በማይሰማው ቦታ «አይሰማም» የሚል ምልክት የተደረገበት፣ ይበልጣል።

ከመቅዳት በፊት ፈቃድ ይጠየቃል፤ ለምን እንደሚውልና ማን እንደሚሰማውም ይነገራል። የሴቶችን ታሪክ ለመቅዳት ብዙ ጊዜ ሴት ተማሪ ትሻላለች፤ በበርጫ (ጫት መቃሚያ) ሰዓት የተቀዳ ደግሞ ሌሎች ጣልቃ ስለሚገቡ ማን እንደተናገረ ይጠፋል። በአብዛኛው የሚዘለለው የመጨረሻው እርምጃ ነው፦ ቅጂውንና ፎቶውን ለቤተሰቡ መመለስ። ያልተመለሰ ቅጂ ካለ በሚቀጥለው ዓመት የሚመጡት ተማሪዎች ቡና ይቀርብላቸዋል እንጂ የቤቱ ቅርስ ያለበት ሳጥን አይከፈትላቸውም።